ከአሥር ሰዓት በኋላ ያለው ትምህርት ቤት

ዓለም አቀፍ ትምህርት ቤት ሲባል ቶሎ ፊታችን ላይ የሚመጣው ነገር የታወቀ ነው፤ በር ላይ የተደረደረ ባንዲራ፣ በብሮሹሩ ሽፋን ላይ ተቃቅፈው የሚስቁ መልካቸው የተለያየ ልጆች፣ ቀጥሎ ደግሞ የሚያስደነግጥ ክፍያ። እኔ ግን አንዱ ትምህርት ቤት እንዴት እንደተጀመረ ማንበብ ከጀመርኩ ወዲህ እነዚህን ነገሮች ሁሉ ትቼ አንድ ጥያቄ ላይ ተቸክያለሁ፤ ልጆቹ የሚያድሩት የት ነው? ትንሽ ነገር ይመስላል አይደል? እስኪ ታገሱኝና ልንገራችሁ፤ መጨረሻ ላይ እናንተም ስለ ማንኛውም አዳሪ ትምህርት ቤት ስትሰሙ መጀመሪያ የምትጠይቁት እሱን እንደሚሆን እገምታለሁ። (ዓመተ ምሕረቶቹን በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምጠራቸው።)

ትምህርት ቤቱ ዋተርፎርድ ካምህላባ ይባላል። የሚገኘው ድሮ ስዋዚላንድ፣ ከ2018 ጀምሮ ኤስዋቲኒ በምትባለው ትንሽ አገር፣ ከምባባኔ ከተማ በላይ ባለ ኮረብታ ላይ ነው። ካርታ ላይ ብታዩት አገሪቱ በሦስት አቅጣጫ በደቡብ አፍሪካ ተከባ፣ በምሥራቅ በኩል ብቻ ሞዛምቢክን ትነካለች። ይህን አቀማመጥ ያዙልኝ፤ ታሪኩ በሙሉ የሚዞረው በዚያ ድንበር ዙሪያ ነው።

ደቡብ አፍሪካ ውስጥ በ1948 የአፓርታይድ መንግሥት ሥልጣን ያዘ። በ1950 የትኛው ዘር የት ሰፈር እንደሚኖር የሚወስን ሕግ ወጣ። በ1953 ደግሞ ሁለት ሕጎች ተከተሉ፤ አንደኛው የጥቁሮችን ትምህርት ከሚሲዮኖች እጅ አውጥቶ መንግሥት ሥር አደረገው፣ ሌላኛው መናፈሻውን፣ አውቶቡሱን፣ መጸዳጃ ቤቱን ሳይቀር በቀለም ለየው። የትምህርቱ ሕግ ዓላማ የተደበቀ አልነበረም፤ ጥቁር ልጅ ለነጩ ከሚሠራው ጉልበት ያለፈ ነገር እንዳይመኝ ሆኖ እንዲያድግ ነው።

በዚያው ጊዜ ገደማ ማይክል ስተርን የሚባል እንግሊዛዊ መምህር ጆሃንስበርግ ይገባል። የመጣው ሮዘትንቪል በሚባለው ሰፈር ያለውን የቅዱስ ጴጥሮስ ትምህርት ቤት ለመምራት ነበር። ይህ ተራ ትምህርት ቤት እንዳይመስላችሁ። የነፃነት ታጋዩ ኦሊቨር ታምቦ ተምሮበታል፣ በኋላም አስተምሮበታል። ሙዚቀኛው ሂዩ ማሴኬላ ትራምፔት የጀመረው እዚያ ነው፤ መሣሪያውን ያገኙለት ቄስ ትሬቨር ሃድልስተን ናቸው። አዲሱ ሕግ ሲመጣ የትምህርት ቤቱ ባለቤቶች ልጆቹን ለመንግሥት ከማስረከብ መዝጋትን መረጡና በ1956 ተዘጋ። ቀጥሎ የሆነው ነገር ግን እኔን ይገርመኛል። በዚያው ግቢ፣ በዚያው ሕንፃ የነጮች ትምህርት ቤት ተከፈተ፤ ርዕሰ መምህሩም ያው ስተርን ሆነ። አንድ ሰው፣ አንድ ጥቁር ሰሌዳ፣ አንድ ግቢ፤ የተቀየሩት ልጆቹ ብቻ ናቸው። ሰውየው በየቀኑ ጠዋት እየገባ ይህን ሲያይ ምን ይሰማው እንደነበር መገመት አያቅትም።

መጨረሻ ላይ ዓይኑን ወደ ድንበሩ ማዶ ጣለ። ስዋዚላንድ ያኔ በእንግሊዝ ጥበቃ ሥር ነበረች። እዚያም ቢሆን ትምህርት ቤቶቹ በዘር የተከፋፈሉ ነበሩ፤ እውነቱን ለመናገር እንግሊዞቹ በዚህ ጉዳይ ንጹሕ እጅ አልነበራቸውም። ነገር ግን አብሮ መማርን በወንጀል የሚያስከስስ የአፓርታይድ ሕግ አልነበረም። ስተርን ገንዘብ ለምኖ፣ ወዳጅ አስተባብሮ፣ በ1963 ዋተርፎርድን ከፈተ። የመጀመሪያዎቹ ተማሪዎች 16 ወንዶች ልጆች ነበሩ፤ ጥቁርም፣ ነጭም፣ ክልስም፣ ሕንዳዊም። በደቡባዊ አፍሪካ ዘር ሳይለይ ልጆችን ለመቀበል ብሎ የተቋቋመ የመጀመሪያው ትምህርት ቤት ይህ ነው። 16 ልጅ! ዛሬ አንድ የግል ትምህርት ቤት በዚህ ቁጥር ሥራ ልጀምር ቢል ባንክ ቤቱ ስቆ ነው የሚሸኘው።

አሁን ወደ መኝታው ልመለስ። ስተርን የተመላላሽ ትምህርት ቤት ቢከፍት ኖሮ ምን ይሆን ነበር? መጀመሪያ ነገር የደቡብ አፍሪካ ልጆች መምጣት አይችሉም፤ ከጆሃንስበርግ እስከ ምባባኔ 350 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ይህ የመንገድ ጉዳይ ብቻ ነው እንበልና እንለፈው። ዋናው ነገር ሌላ ነው። አብሮ ተምሮ አሥር ሰዓት ላይ ወደየሰፈሩ የሚበተን ልጅ፣ ማታ እራት ላይ አባቱ ስለ ሌላው ዘር የሚናገረውን ሰምቶ ያድራል፤ ጠዋት ክፍል ውስጥ የሰማው ማታ ይታጠባል። አፓርታይድ ደግሞ ከምንም በላይ የሚፈራው ማታውን ነበር። አብሮ መሥራትን ፈቅዷል፤ ጥቁሩ በነጩ ፋብሪካ ይሠራል፣ ጥቁሯ በነጩ ቤት ታበስላለች፣ የነጩን ልጅ አዝላ ታሳድጋለች። ሲመሽ ግን ወይ ወደ ጥቁሮች ሰፈር ትመለሳለች፣ ወይ በጓሮ ባለችው ክፍል ትተኛለች። አብሮ መብላት፣ አብሮ መታጠብ፣ በአንድ ጣሪያ ሥር እኩል አልጋ ላይ ማደር ነው የተከለከለው። እናም አዳሪነቱ ከርቀት የተነሳ የመጣ ግዴታ ብቻ ሳይሆን የሐሳቡ ልብ ነበር ብል ያጋነንኩ አይመስለኝም።

አንድ መኝታ ክፍል ውስጥ የሚሆነውን አስቡት። ዕድሜው 12 ዓመት የሆነ ነጭ ልጅ ከጆሃንስበርግ መጥቷል። እስከዚያ ቀን ድረስ አልጋውን አንጥፎ አያውቅም፤ የምታነጥፍለት ጥቁር ሴት አለች። አሁን የራሱን አንሶላ ራሱ ይወጥራል፣ ከጎኑ ያለው ጥቁር ልጅም የራሱን። ተራ ሲደርስ ሁለቱም ወለል ይጠርጋሉ፣ ሁለቱም ሳህን ያጥባሉ። ዋተርፎርድ መጀመሪያ ላይ ገንዘብ ስላልነበረው ተማሪዎቹ በግንባታውም በጉልበት ሠርተዋል፤ ድንጋይ አንስተዋል፣ አፈር ቆፍረዋል። ለነጩ ልጅ አካፋ መያዝ የሌላ ሰው ሥራ ነበር፤ ለጥቁሩ ደግሞ ነጭ ከጎኑ ሆኖ አብሮት ሲቆፍር ማየት አዲስ ነገር ነው። ማንም ቆሞ ስለ እኩልነት ንግግር ማድረግ አላስፈለገውም።

ሕንፃዎቹን የነደፈው ፓንቾ ጌዴስ ነው፤ ሎሬንሶ ማርኬስ፣ ማለትም የዛሬዋ ማፑቶ ይኖር የነበረ ፖርቱጋላዊ አርክቴክት። 

ጉዱ ደግሞ የእረፍት ጊዜ ነበር። ሦስት ወር አንድ ክፍል ውስጥ አብረው ያደሩ ልጆች ትምህርት ሲዘጋ ወደ አገራቸው ይመለሳሉ፤ ድንበሩን እንደተሻገሩ ሕጉ ይቀበላቸዋል። ጥማት ቢይዛቸው አንድ ካፌ ገብተው መቀመጥ አይችሉም። ጓደኛዬን ቤቴ ልጋብዝ ብትል የሰፈሩ ሕግ አለ። ከአንድ ወር በኋላ ደግሞ ተመልሰው ያንኑ ክፍል ይጋራሉ። አንድ ሕግ ትርጉም የለሽ መሆኑን ለልጅ ለማስረዳት ከዚህ የበለጠ መንገድ ይኖራል ብዬ አላስብም።

እዚህ ላይ ከእኛ ጋር የሚያገናኝ ነገር አለ። በ1962 ኔልሰን ማንዴላ አዲስ አበባ መጥተው ኮልፌ በሚገኘው የፈጥኖ ደራሽ ማሠልጠኛ ወታደራዊ ሥልጠና ወስደዋል። ሥልጠናው ሳያልቅ ተጠርተው ተመለሱ፤ በአውሮፓውያኑ ኦገስት 5 ተያዙ። ያኔ ታናናሾቹ ሁለት ሴት ልጆቻቸው ዘናኒና ዚንዚ ሕፃናት ነበሩ። አባት ሮበን ደሴት የታሰሩ፣ እናታቸው ዊኒ ደግሞ ፖሊስ በየጊዜው የሚያንገላታቸው፤ ልጆቹ በአገራቸው የተረጋጋ ትምህርት ሊያገኙ አልቻሉም። ወዳጆች ገንዘብ አዋጥተው ስዋዚላንድ ላኳቸው፣ ሁለቱም ዋተርፎርድ ገቡ። ወንድ ብቻ ይቀበል የነበረው ትምህርት ቤት በዚያን ጊዜ ለሴቶችም ተከፍቷል።

ዘናኒ እዚያው አገር የንጉሥ ሶቡዛን ልጅ አገባች። የንጉሣውያን ቤተሰብ አባል በመሆኗ የዲፕሎማት መብት አገኘች፤ ይህም ተራ ጠያቂ የማያገኘውን ነገር ሰጣት። በ1978 ባሏንና አዲስ የተወለደች ልጇን ይዛ ሮበን ደሴት ስትሄድ በመስታወት ማዶ መተያየት ቀርቶላቸው አንድ ክፍል ውስጥ ተገናኙ። ማንዴላ ልጃቸውን አቀፉ፤ የልጅ ልጃቸውን ደግሞ ጉብኝቱ እስኪያልቅ ከእጃቸው አላወረዷትም። ስም ያወጡላትም እሳቸው ናቸው፤ ዛዚዌ ትባላለች። አንድ ትምህርት ቤት ይህን ያመጣል ብሎ ማን ያስባል?

የማንዴላ ልጆች ብቻ አልነበሩም። የጳጳሱ የዴዝመንድ ቱቱ ልጆች ተምረውበታል። የቦትስዋናው መሪ የሰር ሰሬትሴ ካማ ልጅ፣ በኋላ ራሱም ፕሬዚዳንት የሆነው ኢያን ካማ ተምሯል። የፊልም ተዋናዩ ሪቻርድ ኢ. ግራንትም የምባባኔ ልጅና የዋተርፎርድ ተማሪ ነው። ካምህላባ የሚለውን የትምህርት ቤቱን ሁለተኛ ስም የሰጡት ንጉሥ ሶቡዛ ናቸው፣ በ1967። አገሪቱ ነፃ የወጣችው በቀጣዩ ዓመት፣ በ1968 ነው።

እሺ፣ ታሪኩ ይህ ነው። አሁን ደግሞ አዳሪ ትምህርት ቤት ከአሥር ሰዓት በኋላ እንዴት እንደሚሠራ ላሳያችሁ፤ በዓለም ላይ ያሉት አብዛኞቹ በዝርዝር ይለያዩ እንጂ አካሄዳቸው ይመሳሰላል። ክፍል ሲያልቅ ስፖርት ወይም ክበብ ይቀጥላል። ከዚያ ሻወር፣ እራት፤ ከእራት በኋላ ግዴታ የሆነ የማታ ጥናት፣ ብዙ ጊዜ ሁለት ሰዓት ያህል። ስልክ በየቦታው ጦርነት ነው፤ ትንንሾቹ ማታ ማታ እንዲያስረክቡ ይደረጋል። መብራት የሚጠፋበት ሰዓት በዕድሜ ይለያያል። በየመኝታ ሕንፃው የሚኖር መምህር አለ፤ ብዙ ጊዜ ከነባለቤቱና ከነልጆቹ እዚያው ይኖራል። ወላጆች ክፍያ ሲያወዳድሩ ይህን ሰው ነው የሚረሱት። ልጁ ሌሊት ሰባት ሰዓት ላይ ትኩሳት ሲይዘው በር የሚያንኳኳው እሱ ዘንድ ነው። አገሬ ናፈቀኝ ብሎ የሚያለቅሰውም እሱ ዘንድ ነው። ክፍል ውስጥ የሚያስተምረው የሒሳብ መምህር ጎበዝ መሆኑ ጥሩ ነው፤ ይሄኛው ሰው መጥፎ ከሆነ ግን የሒሳቡ ጉብዝና አያድንም።

ታዲያ ተመላላሾቹስ? ዋተርፎርድ ሁለቱንም ይቀበላል፤ አዳሪም አለ፣ ከምባባኔና ከአካባቢው ጠዋት መጥቶ ማታ የሚመለስም አለ። መኝታው ልብ ነው ካልኩ ተመላላሹን ከልብ ውጪ ያስቀመጥኩት ይመስላል። በከፊል እውነት ነው። ተመላላሹ ጠዋት ሲመጣ ማታ የተቀለደውን ቀልድ አልሰማም፤ የተጣሉት ታርቀው ያገኛቸዋል፣ ምን እንደነበረ የሚነግረው የለም። ጥሩ ትምህርት ቤቶች ይህን ያውቃሉና መፍትሔ ይፈልጋሉ፤ ተመላላሹን ከአንድ መኝታ ሕንፃ ጋር ያቆራኙታል፣ ሎከር ይሰጡታል፣ እራት በልቶ አጥንቶ እንዲሄድ ይፈቅዱለታል። አንዳንዶቹ ከሰኞ እስከ ዓርብ አድሮ ቅዳሜና እሑድ ቤቱ የሚሄድበት አማራጭ አላቸው።

ግን በሌላ በኩል እዩት። ኮረብታ ላይ ያለ፣ ሁሉም ነገር የሞላው፣ ከሃምሳ አገር የመጣ ልጅ የተሰበሰበበት ግቢ ሳይታወቀው ደሴት ይሆናል። ታች ከተማው ውስጥ ሰው እንዴት እንደሚኖር አዳሪው ላያውቅ ይችላል፤ ገበያ አይወጣም፣ ታክሲ አይጠብቅም፣ የአገሩን ቋንቋ ሳይሰማ ሁለት ዓመት ሊጨርስ ይችላል። አገሩን ወደ ግቢው ይዞ የሚገባው ተመላላሹ ነው። እሑድ ጓደኛውን ቤቱ ወስዶ የእናቱን ምግብ የሚያበላው እሱ ነው፤ ልቅሶም ሠርግም ሲኖር ይዞት የሚሄድ። ብዙ ትምህርት ቤቶች ሩቅ ለመጣ ልጅ የአካባቢ ቤተሰብ የሚመድቡለትም ይህ ክፍተት ስላለ ነው። አዳሪ ብቻ ያለበትንና ሁለቱ የተቀላቀሉበትን ምረጥ ብትሉኝ ሁለተኛውን እመርጣለሁ፤ ምንም እንኳ ማስተዳደሩ የበለጠ ራስ ምታት ቢሆንም።

በ1981 ዋተርፎርድ የዩናይትድ ወርልድ ኮሌጆች አባል ሆነ። የዚህ እንቅስቃሴ አባት ኩርት ሃን ነው፤ ናዚዎችን በመቃወሙ በ1933 ታስሮ ከጀርመን ወደ ብሪታንያ የተሰደደ አይሁዳዊ መምህር። የመጀመሪያው ኮሌጅ አትላንቲክ ኮሌጅ በ1962 ዌልስ ውስጥ፣ ባሕር ዳር ባለ አሮጌ ቤተ መንግሥት ተከፈተ። ሐሳቡ ከስተርን ጋር ወንድማማች ነው፤ የቀዝቃዛው ጦርነት ዘመን ወጣቶችን ከየአገሩ አምጥቶ ሁለት ዓመት አብሮ ማኖር። ዛሬ ኮሌጆቹ 18 ናቸው። አፍሪካ ውስጥ ለረጅም ጊዜ ዋተርፎርድ ብቻውን ነበር፤ በ2019 ታንዛኒያ ውስጥ ኪሊማንጃሮ ሥር ያለው የሞሺ ዓለም አቀፍ ትምህርት ቤት ተቀላቀለው። ይኸኛው በ1969 የተከፈተው በአካባቢው ለተሠራው ትልቅ ሆስፒታል የውጭ ሠራተኞች ልጆች ነበር፤ አዳሪም ተመላላሽም አለው።

ዓለም አቀፍ የሚባሉት ትምህርት ቤቶች አብዛኞቹ የተወለዱት እንደ ሞሺው ነው፤ ማለትም ሥራ ይዞት አገር ለቆ የመጣ ወላጅ ልጁን የሚያስገባበት ሲያጣ። ጄኔቫ ላይ በ1924 የተከፈተው ለመንግሥታቱ ማኅበር ሠራተኞች ልጆች ነው። አዲስ አበባ ያለው ቢንግሃም አካዳሚ በ1946 የተጀመረው ለሚሲዮናውያን ልጆች ነው። ዋተርፎርድ ግን የተከፈተው ልጆቹን ለማደባለቅ ተብሎ ነው። ለዚህ ነው ከሌሎቹ ለይቼ የያዝኩት።

በዋተርፎርድ በመጨረሻዎቹ ሁለት ዓመታት የሚሰጠው ትምህርት አይቢ ይባላል፤ ድርጅቱ የተቋቋመው በ1968 ጄኔቫ ነው። ስድስት የትምህርት ዓይነት፣ 4,000 ቃል የሚደርስ የምርምር ጽሑፍ፣ በተጨማሪም የማኅበረሰብ አገልግሎት። ሙሉ ውጤቱ 45 ነጥብ ነው፤ 24 ያገኘ በአብዛኛው ዲፕሎማውን ይይዛል። የአውሮፓና የአሜሪካ ዩኒቨርሲቲዎች ስለሚያውቁት ወላጅ ይወደዋል፤ ልጆቹ ግን እንቅልፍ የላቸውም።

አንድ የሚያስከፋኝን ሳልናገር አልሄድም። የቀለሙ ግንብ ፈርሷል፤ የብሩ ግንብ ግን ቆሟል። ዛሬ የአዳሪ ዓለም አቀፍ ትምህርት ቤት ክፍያ ለአንድ ደመወዝተኛ ቤተሰብ የማይታሰብ ነው። ስለዚህ ከሃምሳ አገር የመጡት ልጆች ብዙውን ጊዜ ከአንድ ዓይነት ሳሎን የመጡ ናቸው፤ ፓስፖርታቸው ይለያያል እንጂ የጫማቸው ዋጋ ያው ነው። ይህን የሚሰብረው ስኮላርሺፕ ብቻ ነው። የዩናይትድ ወርልድ ኮሌጆች አካሄድ እዚህ ላይ ይሻላል፤ ከ150 በላይ በሆኑ አገሮችና ግዛቶች ያሉ ብሔራዊ ኮሚቴዎች ተማሪ ይመርጣሉ፣ ብዙዎቹም የቤተሰባቸው አቅም ታይቶ ሙሉ ወይም ከፊል ድጋፍ ያገኛሉ። ሀብታሙ የአምባሳደር ልጅና ከስደተኛ ካምፕ የመጣው ልጅ አንድ መኝታ ክፍል የሚገናኙት በዚህ በር ነው።

ይህ ሁሉ ለእኛ ሩቅ አይደለም። በ1946 አዲስ አበባ የተከፈተው የጄኔራል ዊንጌት ትምህርት ቤት አዳሪ ነበር፤ ከየጠቅላይ ግዛቱ የመጣ ልጅ አብሮ አድሮ ነው የወጣው፣ የዚያ ዘመን ሰዎች ሲገናኙ እስከ ዛሬ ወሬያቸው ስለ መኝታ ቤትና ስለ ምግብ ቤት ነው፤ ስለ ክፍሉ ብዙም አይሉም። የመንግሥት ዩኒቨርሲቲ የገባ ሁሉ ደግሞ ዶርምን ያውቃል። ተደራራቢ አልጋ፣ ባልዲ ይዞ ውኃ መጠበቅ፣ ስሙን ሰምቶ የማያውቀው ወረዳ ከመጣ ልጅ ጋር በሶ መካፈል። አንዳንዱ ዶርም ወዳጅነት አፍርቷል፣ አንዳንዱ ግቢ ደግሞ ብጥብጥ አይቷል። ልዩነቱ ያለው ልጆቹን አብሮ በመደልደሉ ላይ አይመስለኝም፤ ማታ ከእነሱ ጋር የሚያድር ኃላፊነት ያለበት አዋቂ መኖር አለመኖሩ ላይ ነው። ዋተርፎርድ 16 ልጅ ይዞ ሲጀምር መምህራኑ እዚያው ነበሩ፤ እኛ ስምንት ልጅ አንድ ክፍል አስገብተን ቁልፉን ሰጥተን እንሄዳለን።

ልጅ ያላችሁና የጓጓችሁ ካላችሁ፣ ወደ ዋተርፎርድ የሚገባው በሁለት መንገድ ነው። ከሌሎቹ የእንቅስቃሴው ኮሌጆች ብዙዎቹ የሚቀበሉት ከ16 ዓመት ጀምሮ ለሁለት ዓመት ብቻ ሲሆን፣ ይህኛው ከታችኛው ሁለተኛ ደረጃ ጀምሮ ትንንሾችንም ይወስዳል፤ ለእነሱ ማመልከቻው በቀጥታ ለትምህርት ቤቱ ነው። ለአይቢው ሁለት ዓመት ስኮላርሺፕ የሚፈልግ ደግሞ ባለበት አገር ባለው ብሔራዊ ኮሚቴ በኩል ይወዳደራል፤ ምርጫው ውጤትን ብቻ አያይም፣ ቃለ መጠይቅና የቡድን ሥራም አለበት። በየትኛውም በኩል ብትሄዱ ግን ክፍሉን፣ ላቦራቶሪውን፣ መዋኛውን ካስጎበኟችሁ በኋላ መኝታ ሕንፃው ውስጥ የሚኖረው መምህር ማን እንደሆነ ጠይቁ፤ ከተቻለ እሱን አነጋግሩት፣ ስንት ልጅ እንደሚጠብቅ፣ ስንት ዓመት እዚያ እንደኖረ፣ ልጅ ሌሊት ሲታመም ማን እንደሚነሳ።